ማርጎ ማርቲንዴል ረዳት ተዋናይት ሆና መቅረቷ ጠቀማት ወይስ ጎዳት? (የጀስቲፋይድን 2ኛ ሲዝን ታሪክ ይናገራል)

#1 የማታ ተመልካች

ሰላም ለሁላችሁ። ሰሞኑን ጀስቲፋይድ የሚባለውን የአሜሪካ ተከታታይ ድራማ እንደገና እያየሁ ነው። ሁለተኛው ሲዝን ላይ ስደርስ ዝም ብዬ ማለፍ አቃተኝ። ምክንያቱ ማርጎ ማርቲንዴል ናት።

ስሟን ስጠራ "ማን ናት ደግሞ?" የሚል አይጠፋም። ሚሊዮን ዶላር ቤቢን ያየ ሰው ግን ያውቃታል። የሂላሪ ስዋንክ እናት ሆና የሠራችው ናት። ልጅቷ በቦክስ ባገኘችው ገንዘብ ቤት ገዝታ ስትሰጣት፣ ከመንግሥት የማገኘው ድጎማ ሊቋረጥብኝ ነው ብላ የምትቆጣዋ እናት። በኋላ ልጅቷ ሰውነቷ በድን ሆኖ አልጋ ላይ ስትቀር ጠበቃ አስከትላ ሆስፒታል ትመጣለች። ንብረቷን እንድትፈርምላት ነው። የልጅቷ እጅ አይንቀሳቀስም። ስለዚህ እናትየዋ እስክሪብቶውን አፏ ውስጥ ታደርግላታለች። ይሄን ያየ ሰው ይቺን ሴት መቼም አይረሳትም። ስሟን ግን አያውቅም።

አሁን ወደ ጀስቲፋይድ ልምጣ። ማግስ ቤኔት ኬንታኪ ተራራ ውስጥ ሱቅ ያላት፣ ሦስት ልጆቿን ይዛ ሀሺሽ የምትነግድ እናት ናት። አረቄም ታወጣለች፤ አረቄዋ በአገሩ የታወቀ ነው። ገና በመጀመሪያው ክፍል አንድ ጎረቤቷን ከዚያ አረቄ ታጠጣዋለች። ሰውየው የመንደሩን ጉዳይ ለውጭ ሰው ተናግሮባታል። እሷም ከዚያው ማሰሮ ቀድታ አብራው ትጠጣለች። ስለዚህ አይጠረጥርም። መርዙ ግን ማሰሮው ውስጥ አይደለም፤ ብርጭቆው ውስጥ ነው። ሰውየው መንፈራገጥ ሲጀምር እጁን ትይዘዋለች። የታመመ ልጅ እንደምታባብል እናት ዝቅ ባለ ድምፅ ታናግረዋለች። አትጮህም፣ አታፈጥም። እስኪሞት ድረስ አትለቀውም። ከዚያ ደግሞ የሟቹን ልጅ ወስዳ ታሳድጋታለች፤ ከልቧም ትወዳታለች። ሁለቱም እውነት ነው፤ መግደሏም መውደዷም። እኔን የገረመኝ ይሄ ነው።

ለዚህ ሥራ በ2011 (ዓመቱን ሁሉ በፈረንጅ ነው የምጽፈው) ኤሚን፣ የአሜሪካን ትልቁን የቴሌቪዥን ሽልማት፣ ወሰደች። ያኔ 60 ዓመቷ ነበር። የተወለደችው በ1951 ቴክሳስ፣ ጃክሰንቪል ነው። ሚሺጋን ዩኒቨርሲቲ ተምራለች። ኬንታኪ፣ ሉዊቪል ውስጥ ባለው አክተርስ ቴአትር ብዙ ሠርታለች። በቴሌቪዥን ሎንሰም ዶቭ ላይ በ1989 ታየች፤ ፊልም የጀመረችው በ1990 በዴይስ ኦፍ ተንደር ነው። ወደ አርባ እየተጠጋች ማለት ነው። ከዚያ ወዲህ ያልሆነችው የለም። ዘ ፈርም ላይ የቶም ክሩዝ ጸሐፊ ነበረች፣ ዴድ ማን ዎኪንግ ላይ መነኩሴ።

የእኔ ሐሳብ ይሄ ነው። ዋና ተዋናይት ብትሆን ኖሮ ይሄን ሁሉ ሰው ባልሆነች ነበር። አንድ መልክ ይሰጧትና እሱን ይዛ ታረጅ ነበር። ረዳት መሆኗ ነፃ አወጣት ባይ ነኝ። እናንተስ?

#2 ሚጣ ከሜሪላንድ

አንተ ሰው፣ የማግስን ነገር ስታነሳ ሰውነቴን ወረረኝ። ልጇን ኩቨርን በመዶሻ ጣቶቹን የምትሰብርበትን ረሳኸው? ያለ እሷ ፈቃድ ሥራ ጀምረው ነው። ስታደርገው ፊቷ ላይ የምታየው ንዴት ብቻ አይደለም፤ ሐዘንም አለ። እኔ ቀና ብዬ ማየት አቅቶኝ ነበር።

እኔ ግን ከማግስ ይልቅ ዘ አሜሪካንስ ላይ ያለችውን ክላውዲያን እመርጣለሁ። አሜሪካ ውስጥ ተደብቀው የሚኖሩት ሁለቱ የሶቪየት ሰላዮች አለቃቸው ናት። መንገድ ላይ ብታያት ከሱፐርማርኬት የምትመለስ የሰፈር እናት ናት የምትለው። ማንም ዞር ብሎ አያያትም። ለሰላይ ደግሞ ከዚህ የተሻለ ምን አለ? መጨረሻው ሲዝን ላይ ከሰላይዋ ከኤልሳቤጥና ከልጇ ከፔጅ ጋር ሆነው የሩሲያ ምግብ የሚያበስሉበት አለ። ሴትዮዋ ስንት ዘመን አገሯን እንደናፈቀች እዚያች ወጥ ቤት ውስጥ ገባኝ። ከአገር ርቆ የሚኖር ሰው ያውቀዋል። የእናቱን ምግብ ለልጅ ሲያስቀምስ ድምፁ ይቀየራል። እሷም ላይ ያየሁት ይሄንኑ ነው።

በክላውዲያ ሁለቴ ኤሚ አግኝታለች፣ በ2015 እና በ2016። ያውም በእንግዳ ተዋናይት ዘርፍ።

#3 አራዳው

ጥሩ ክር ነው፤ ግን ከባለቤቱ ጋር አልስማማም። "ነፃ አወጣት" የሚለው አይዋጥልኝም።

በ1987 ስቲል ማግኖሊያስ ኒውዮርክ ውስጥ መድረክ ሲወጣ የፀጉር ቤቷን ባለቤት፣ ትሩቪን፣ መጀመሪያ የሠራቻት ማርቲንዴል ናት። ያቺን ሴት ሰው ያደረገቻት እሷ ናት። በ1989 ፊልም ሲሆንስ? ሚናው ለዶሊ ፓርተን ሄደ። ዶሊን እወዳታለሁ፤ ሥራዋም ጥሩ ነው። ግን ለምን ሌላ ሰው አስፈለገ? ስም ስለሌላት። ስም ለምን የላትም? ትልልቅ ሚና ስላልተሰጣት። ለምን አልተሰጣትም? ወፈር ስላለች፣ ቆንጆ የምትባል ስላልሆነች፣ ዕድሜዋም ስለገፋ። አዙሪት ነው።

ሽልማት ያገኘችውም እኮ በ60 ዓመቷ ነው። ተሰጥኦዋ በ30 ዓመቷም ነበረ። መሀል ላይ ያሉት 30 ዓመታት የማን ናቸው? ወንዶቹን ተመልከቱ። ራሰ በራ ሆነው፣ ቦርጭ አውጥተው ዋና ይሆናሉ። ለሴት ግን በሩ ጠባብ ነው። በጠባቡ በር ገብታ ቤቱን ሞላችው ማለት እንችላለን። በሩ ጠባብ መሆኑ ጠቀማት ማለት ግን ልክ አይመስለኝም።

#4 የማታ ተመልካች

አራዳው፣ የስቲል ማግኖሊያሱ ነገር ያማል፤ እቀበላለሁ። በደሉ በደል ነው።

እኔ ያልኩት ግን ስለ ሥራው ነው። ዋና ተዋናይት ተመልካቹ እንዲወዳት ትገደዳለች። ሁለት ሰዓት ሙሉ ከእሷ ጋር ስለምንቀመጥ ጸሐፊውም ዳይሬክተሩም ይጠነቀቁላታል። ረዳቷን ማንም አይጠነቀቅላትም። ስለዚህ ክፉ መሆን ትችላለች፣ ስግብግብ መሆን ትችላለች። ኦገስት ኦሴጅ ካውንቲን ታስታውሳለህ? ሜሪል ስትሪፕና ጁሊያ ሮበርትስ ባሉበት ቤት ማቲ ፌይን ሆና ገባች። ሌላ ሰው ብትሆን በእነዚያ ሁለት ፀሐዮች መሀል ትጠፋ ነበር። ልጇን ሰው ፊት ስታንኳስስ እንጠላታለን። ኋላ ምስጢሯን ለጁሊያ ሮበርትስ ስትነግራት ለምን እንደዚያ እንደምትሆን ይገባናል። ይቅር እንድንላት ግን አትለማመጠንም። ዋና ብትሆን መለማመጧ አይቀርም ነበር።

#5 የመድረክ ሰው

ልጆች፣ ውይይታችሁ ደስ ይላል። እኔ ዕድሜዬን መድረክ ላይ ያሳለፍኩ ሰው ነኝ፤ አሁን ጡረታ ወጥቻለሁ። ከማርቲንዴል በፊት ስለነበረች አንዲት ሴት ልንገራችሁ።

ቴልማ ሪተር ትባላለች። ብሩክሊን ተወልዳ ያደገች ናት። በ1947 ሚራክል ኦን 34ዝ ስትሪት በሚለው የገና ፊልም ላይ ለደቂቃዎች ብቅ አለች። ለልጇ መጫወቻ ፍለጋ የደከማት እናት ናት። የመደብሩ የገና አባት ዕቃው ሌላ መደብር እንዳለ ይጠቁማታል። ሴትዮዋ ተገርማ ለኃላፊው ከእንግዲህ ደንበኛችሁ ነኝ ትለዋለች። በቃ ይሄው ነው። ስሟ ፊልሙ ላይ አልተጻፈም። ያኔ ዕድሜዋ 40ን አልፏል።

ከዚያ ምን ሆነ መሰላችሁ? ከ1950 እስከ 1962 በወጡ ፊልሞች ስድስት ጊዜ ለኦስካር ታጨች፤ ስድስቱም በረዳት ተዋናይት ዘርፍ። በዚህ ዘርፍ ከእሷ የበለጠ የታጨች የለችም። አንድም ጊዜ አላሸነፈችም። ለቴሌቪዥን ሥራዋም ኤሚ ታጭታ ነበር። ሂችኮክ ሪር ዊንዶውን ሲሠራ እግሩ ለተሰበረው ሰውዬ የምትመላለሰውን ነርስ ለእሷ ሰጣት። ግሬስ ኬሊ ታምራለች፤ ያቺን ክፍል ሰው የሚኖርባት ቤት ያደረገቻት ግን ሪተር ናት። ሰውየውን እያሸች፣ ሳንድዊች እያቀረበች፣ ስለ ትዳር ትመክረዋለች። ወሬዋ ሁሉ የሥራ ወሬ ነው፤ እጇ አያርፍም።

በመድረክም እንዲሁ ነው። ዋናው ሰው ታሪኩን ይሸከማል። ቤቱን፣ ሰፈሩን፣ ዘመኑን የሚሸከሙት ግን ሌሎቹ ናቸው። እነሱ ካላሳመኑ ዋናውም ባዶ ሜዳ ላይ ነው የሚጮኸው።

#6 ጀማሪዋ

ጋሼ፣ እርስዎ ስለገቡ ደፍሬ ልጠይቅ። እኔ አዲስ አበባ ነኝ፤ ተከታታይ ድራማ ላይ እሠራለሁ። እስካሁን የተሰጠኝ ጎረቤት፣ የቤት ሠራተኛ፣ የዋናዋ ጓደኛ ነው። ስክሪፕቱ "ሻይ ይዛ ትገባለች" ይላል፤ ከዚያ ወዲያ ምንም የለም። አንዱን ዳይሬክተር የካራክተሯ ስም ማን እንደሆነ ብጠይቀው "ስም ምን ያደርግላታል?" አለኝ። ቤቴ ገብቼ አለቀስኩ።

እነ ማርቲንዴል የተጻፈላቸው ነገር አለ። ማግስ የምትናገረው ብዙ ነው። ምንም ያልተጻፈላት ሰው ምን ታድርግ?

#7 የመድረክ ሰው

ልጄ፣ መጀመሪያ ስም አውጪላት። ለማንም አትንገሪ፤ አንቺ ብቻ እወቂው። ከዚያ አንድ ነገር ወስኚ። ሻዩን ይዘሽ ከመግባትሽ በፊት ሳሎን ውስጥ የተባለውን ሰምተሻል ወይስ አልሰማሽም? ከሰማሽ ስኒውን የምታስቀምጪበት እጅ ሌላ ነው። ከባሉ ፊት ቀድመሽ ታስቀምጫለሽ ወይስ ከሚስቲቱ? ይሄ ከማን ወገን እንደሆንሽ ይናገራል። አንድም ቃል አላወጣሽም። ተመልካች ግን ያያል፤ ለምን እንደሆነ ባያውቀውም ይሰማዋል።

አንድ ነገር ግን ተጠንቀቂ። ትዕይንቱ የሌላ ሰው ከሆነ አትንጠቂ። ጀማሪ የሚሳሳተው እዚህ ላይ ነው። ስኒ አንኳኩቶ፣ ተንፍሶ፣ ዓይኑን አጉረጥርጦ እዩኝ እዩኝ ይላል። የሴትዮዋን ኑሮ ኑሪላት እንጂ አታሳይላት።

ማርቲንዴልን ለመማር ከፈለግሽ ፓሪስ ዠ ቴም የሚለውን የ2006 ፊልም ፈልጊ። የአጫጭር ፊልሞች ስብስብ ነው። የመጨረሻው የአሌክሳንደር ፔይን ሥራ ነው፤ ጥቂት ደቂቃ ብቻ። እሷ ከዴንቨር የመጣች ፖስታ አዳይ ናት። ብቻዋን ፓሪስን ስትጎበኝ ያየችውን በተሰባበረ ፈረንሳይኛ ትተርካለች። ከማንም ጋር ይሄ ነው የሚባል ንግግር የላትም። መናፈሻ ቁጭ ብላ ሳንድዊች ትበላለች፣ ሰው ታያለች። አፏ ቢናገርም ወሬው ያለው ፊቷ ላይ ነው። ድምፁን አጥፍተሽ እዪው፤ ደግመሽ ደግሞ በድምፅ።

በዳይሬክተሩም አትዘኚ። ስም አያስፈልጋትም ካለሽ፣ ስሟን የማውጣት ሥልጣን ለአንቺ ተወልሽ ማለት ነው።

#8 ጀማሪዋ

እግዜር ይስጥልኝ ጋሼ። ዛሬ ማታ አየዋለሁ። የስኒውን ነገር ደግሞ ቅዳሜ ቀረጻ አለን፤ እሞክረዋለሁ።

#9 አራዳው

ጋሼ ያሉት ትልቅ ትምህርት ነው። ስለ ሽልማቱ ግን አንድ ነገር ሳልል አላልፍም። እርስዎ ስለ ሪተር ሲያወሩ ነው የነደደኝ።

ኦስካር የረዳት ተዋናይ ዘርፍ የጀመረው በ1937ቱ ሥነ ሥርዓት ነው። መጀመሪያ ላይ ለዚህ ዘርፍ አሸናፊዎች ሐውልቱ እንኳን አይሰጥም ነበር። ሰሌዳ ነበር የሚሰጣቸው። ሀቲ ማክዳንኤል በ1940 የመጀመሪያዋ ጥቁር አሸናፊ ስትሆን የወሰደችው ሰሌዳ ነው። ያውም ከባልደረቦቿ ተለይታ ዳር ላይ ባለ ጠረጴዛ ተቀምጣ። ዘርፉ ከአፈጣጠሩ የታናሽ ወንበር ነበር።

አሁን ሐውልቱ እኩል ሆኗል። ሌላ ችግር ግን መጣ። ዋና ሚና የሠሩ ትልልቅ ስሞች ማሸነፍ ይቀላል ተብሎ በረዳት ዘርፍ ይቀርባሉ። ቫዮላ ዴቪስ ፌንሰስን ብሮድዌይ ላይ ስትሠራ በዋና ተዋናይት ዘርፍ ቶኒን፣ የቴአትሩን ሽልማት፣ ወሰደች። በዚያው ሚና ፊልሙ ላይ ኦስካር ያገኘችው ግን በረዳት ነው። እሷ ሁሉም ይገባታል፤ ጠቤ ከስቱዲዮዎቹ ጋር ነው። ያ ወንበር በተያዘ ቁጥር ሦስት ትዕይንት ሠርታ ልብ የሰበረች አንዲት ሴት ትወጣለች። ማርቲንዴል እስከ ዛሬ ለኦስካር ታጭታ አታውቅም። አንድም ጊዜ!

ቴሌቪዥኑ ይሻላል። ሚጣ ያነሳሽው የእንግዳ ዘርፍ እኮ ከ2015 ጀምሮ ደንብ ወጥቶለታል። ከሲዝኑ ክፍሎች ከግማሽ በታች የታየ ሰው ብቻ ነው በእንግድነት የሚወዳደረው። ቁርጥ ያለ መስመር ነው። ኦስካርም ይሄን የመሰለ ነገር ቢኖረው ጥሩ ነበር።

#10 ሚጣ ከሜሪላንድ

የገንዘቡም ነገር አለ። እኛ የምናያቸው ኤሚ ይዘው የቆሙትን ነው። አሜሪካ ውስጥ አብዛኛው ተዋናይ ከትወና ብቻ አይኖርም። በማኅበራቸው በኩል የጤና መድን ለማግኘት በዓመት ወደ 26 ሺህ ዶላር መሥራት ያስፈልግ ነበር፤ የ2023ቱ አድማ ጊዜ በደንብ ሲወራ የነበረ ጉዳይ ነው። ብዙዎቹ አባላት እዚያ አይደርሱም።

አድማው 118 ቀን ነው የቆየው። አንዱ ትልቅ ጥያቄያቸው ድራማው በድጋሚ በታየ ቁጥር የሚከፈላቸው ገንዘብ ነበር። ድሮ በኬብል ሲደጋገም ቼክ ይመጣል። በስትሪሚንግ ግን ሰው ሌሊቱን ሙሉ ቢያይም የሚመጣው ትንሽ ነው። ይሄ ከማንም በላይ የሚጎዳው ረዳት ተዋናዮችን ነው። ዋናዋ በውሏ ላይ ትደራደራለች። ሁለት ክፍል ላይ ነርስ ሆና የሠራችው ግን በምን አቅሟ? አራዳው 30ዎቹ ዓመታት የማን ናቸው ያልከው ለዚህ ነው ልቤን የነካኝ።

#11 ቶሮንቶ ነዋሪ

ዘግይቼ ደረስኩ። ማንም ዘ ስቲኪን አላነሳም?

እዚህ ካናዳ፣ ኩቤክ ውስጥ በ2011 እና 2012 የሜፕል ሽሮፕ (ከሜፕል ዛፍ የሚወጣ ጣፋጭ ፈሳሽ) ከመጋዘን ተሰርቆ ነበር። ወደ 3,000 ቶን ነው፤ ዋጋው ከ18 ሚሊዮን የካናዳ ዶላር በላይ። በርሜሎቹን እየቀዱ በውኃ ይሞሏቸው ነበር። ከዚያ ታሪክ ተነስተው በ2024 መጨረሻ ስድስት ክፍል ያለው አስቂኝ ድራማ ሠሩ። ዋናዋ ማርቲንዴል ናት። ሩት ላንድሪ የምትባል የሜፕል ገበሬ ናት፤ ባሏ ራሱን ስቶ ተኝቷል፣ እርሻዋን ሊነጥቋት ነው። በ73 ዓመቷ ፖስተሩ መሀል ላይ ቆመች።

የማታ ተመልካች፣ ያንተን ጥያቄ በዚህ መፈተን ይቻላል። ዋና ስትሆን ተለማመጠች? እኔ አልተለማመጠችም ባይ ነኝ። እንደ ማግስ ግትር ናት፤ ስትናደድ ዛፍ ጎትታ ሰው ደጃፍ ትጥላለች። ስለዚህ ዋና መሆን ያበላሻት ነበር የሚለውን አልቀበልም። የዘገየ ዕድል ነው።

#12 የማታ ተመልካች

ቶሮንቶ ነዋሪ፣ ይሄ ጠንካራ መልስ ነው። በ73 ዓመቷ ዋና የሆነችው ግን ስንት ዘመን ሌላ ሌላ ሰው ሆና ከሠራች በኋላ ነው። በ30 ዓመቷ ብትሆን ኖሮ ያቺን ግትርነቷን ይተዉላት ነበር ወይ? ተው ፈገግ በይ፣ ተው ቀጠን በይ ይሏት ነበር ብዬ ነው የምፈራው። እዚህ ላይ አቋሜን አልለቅም።

ደግሞ ሌላ ነገር። በ2020 ሚስስ አሜሪካ ላይ ቤላ አብዙግን ሠርታ ኤሚ ስትታጭ፣ ትሬሲ ኡልማንም ኡዞ አዱባም ከዚያው ድራማ በዚያው ዘርፍ ታጭተው ነበር። ያሸነፈችው አዱባ ናት። አንድ ድራማ ሦስት እንደዚህ ያሉ ሴቶችን በአንድ ጊዜ ማሠራት ከቻለ፣ በሩ ትንሽ እየሰፋ ነው ማለት ነው፣ አራዳው።

#13 ሪሞት በእጄ

ሁላችሁንም እያነበብኩ ነው። እኔ የማውቃት ቦጃክ ሆርስማን ከሚለው ካርቱን ነው። ራሷን ሆና ድምፅ ትሰጣለች፤ ሁሉም ሰው ስሟን ሲጠራ "ካራክተር አክትረስ (የረዳት ሚና ተዋናይት እንደማለት) ማርጎ ማርቲንዴል" ነው የሚላት። ካርቱኑ ላይ ባንክ ዘራፊ ሆናለች። እውነተኛ ሰው መሆኗን ያወቅሁት ቆይቼ ነው! ከየት ልጀምር?

#14 የማታ ተመልካች

ሰዓት ካለህ ጀስቲፋይድ ሁለተኛ ሲዝን፣ 13 ክፍል ነው። የመጀመሪያውን ሲዝን ባታየውም ትከተለዋለህ፤ ዋናው ሰው ሬይለን ፖሊስ መሆኑን ብቻ እወቅ። የመጨረሻውን ክፍል ከመጀመሪያው ጋር አስተያየው፤ አረቄው ተመልሶ ይመጣል፤ ከዚያ በላይ አልነግርህም። ሰዓት ከሌለህ ጋሼ የጠቆሙት የፓሪሱ አጭር ፊልም ይበቃሃል። ሚሊዮን ዶላር ቤቢን ግን መጀመሪያ እንዳታየው። እንደ እኔ በጥላቻ ትጀምራለህ።

#15 ሚጣ ከሜሪላንድ

ዘ አሜሪካንስን ጨምርበት። ክላውዲያ ከመጀመሪያው ክፍል አትመጣም፤ ጥቂት ታገሥ። በመጀመሪያው ሲዝን ኤልሳቤጥ ክላውዲያን የምትደበድብበት ጋ ስትደርስ እዚህ ተመልሰህ ጻፍልን። ከዚያ በኋላ ማን ማንን እንደሚፈራ አንተ ንገረን፤ እኔና እህቴ እስከ ዛሬ አልተስማማንም።